የወሎ ምስል በማን መዝገብ? የዜና ፊልም አዘገጃጀትና አያያዝ ታሪክ ከሐይቅና ከአምባሰል አንጻር ሲታይ

ከደሴ ተነሥቶ ወደ ሰሜን የሚያመራው አውራ ጎዳና ሠላሳ ኪሎ ሜትር ያህል እንደ ሄደ ሐይቅ ከተማ ይደርሳል። ከዚያም የአምባሰልን ተራሮች በስተግራ ትቶ ውጫሌን፣ መርሳንና ወልድያን አቋርጦ ወደ ቆቦና ወደ አላማጣ ይዘልቃል። በ1965 እና በ1966 ዓ.ም.፣ ኋላም በ1976 እና በ1977 ዓ.ም. ቀየውን ለቆ የወጣው የወሎ ረሀብተኛ እርዳታ ፍለጋ የተሰበሰበው በዚሁ መንገድ ዳርና መንገዱ በሚያልፍባቸው ከተሞች ዙሪያ ነበር። የረሀብተኛው መልክ የተቀረጸበት ፊልም ደግሞ በቆርቆሮ ዕቃ ታሽጎ፣ በመኪናና በአውሮፕላን ተጭኖ ወደ አዲስ አበባ፣ ከዚያም ወደ ለንደን ተጓዘ። ሕዝቡ እዚያው ቀረ፤ ምስሉ ሄደ። ይህ ምስል በዜና አዘጋጁ እጅ ምን እንደ ሆነ፣ በፊልም መዝገብ ጠባቂው እጅስ በምን ስም እንደ ተመዘገበ መመርመር የቴሌቪዥን ባለሙያዎች ጉዳይ ብቻ ሆኖ ሊታይ ይችል ይሆናል። ነገር ግን የታሪክ መምህር በክፍል ውስጥ ስለ ወሎ ረሀብ ሲያስተምር የሚያሳየው ፎቶግራፍም ሆነ ተንቀሳቃሽ ምስል በእነዚህ ሁለት ሰዎች እጅ ያለፈ ስለሆነ ጉዳዩ ከትምህርት ሥራ ጋር በቀጥታ የተያያዘ ነው።

ሐይቅ ስለ መዝገብ አያያዝ ለመናገር እንግዳ ቦታ አይደለችም። በ13ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በደብረ ዳሞ የተማሩት አባ ኢየሱስ ሞዐ በዚያን ጊዜ በውኃ ተከብባ በነበረችው፣ ዛሬ ግን ውኃው ሸሽቶ ከየብስ ጋር በተያያዘችው የሐይቅ ደሴት ላይ የእስጢፋኖስን ገዳም ማኅበር አቋቋሙ። አቡነ ተክለ ሃይማኖትን የመሰሉ ደቀ መዛሙርት የወጡትም ከዚሁ ገዳም ነው፤ የገዳሙ አበምኔቶች ለብዙ ዘመን የያዙት የዐቃቤ ሰዓትነት ማዕረግም በቤተ መንግሥቱ ዘንድ ከፍ ያለ ቦታ ነበረው። አባ ኢየሱስ ሞዐ በ1273 ዓ.ም. ገደማ ለገዳሙ የሰጡት ወንጌል እስከ ዛሬ አለ። በዚህ ወንጌል ላይ ከቅዱሱ ጽሑፍ በተጨማሪ የሰጪው ማስታወሻ፣ የአባ ኢየሱስ ሞዐ ሥዕልና የገዳሙ ንብረት ዝርዝር ይገኛል። እንግዲህ መጽሐፉ የሚነበብ ብቻ ሳይሆን መዝገብም ነው ማለት ነው።

የኢትዮጵያ የብራና ጽሑፍ ልማድ በዚህ ረገድ ጥብቅ ነው። በመጽሐፉ ማብቂያ ወይም በኅዳጉ ላይ ያጻፈው፣ የጻፈው፣ የተጻፈበት ዘመንና በዚያን ጊዜ የነገሠው ንጉሥ፣ የተሰጠበት ቤተ ክርስቲያን በየተራ ይሰፍራሉ። መጽሐፉን የሰረቀ ወይም ጽሑፉን የፋቀ ደግሞ በጴጥሮስና በጳውሎስ ሥልጣን ይወገዛል። ግዝቱን ዛሬ የሚያነብ ሰው እንደ ሃይማኖት ቃል ብቻ ሊያልፈው ይችላል። በሥራው ግን ግዝቱ የመዝገብ ጥበቃ ሕግ ነበር፤ በተለይም ከሌባው እኩል ፋቂውን መኮነኑ ልብ ሊባል ይገባል። መጽሐፉን ያልሰረቀ ነገር ግን ስሙንና ዘመኑን የፋቀ ሰው ያደረሰው ጉዳት ከሌባው ጉዳት ያላነሰ መሆኑን እነዚያ ጸሐፍት ያውቁ ነበር።

ይህ ልማድ በ20ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ከካሜራ ጋር በመልካም ሁኔታ ተገናኝቶ ነበር። እ.ኤ.አ. ከ1973 ጀምሮ በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያንና በውጭ ተቋማት ትብብር የተካሄደው የብራና ጽሑፎች የማይክሮፊልም ሥራ ከዘጠኝ ሺህ በላይ መጻሕፍትን ገጽ በገጽ አንሥቷል። አንዱ ቅጂ በአዲስ አበባ፣ ሌላው በአሜሪካ በሚኒሶታ ግዛት በሚገኘው የኮሌጅቪል ገዳም ቤተ መጻሕፍት ተቀመጠ። እያንዳንዱ መጽሐፍ ቁጥር ተሰጠው፤ የሐይቁ የኢየሱስ ሞዐ ወንጌል ቁጥር 1832 ነው። ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌና ባልደረቦቻቸው ያዘጋጁት ካታሎግም የእያንዳንዱን መጽሐፍ ይዘት፣ ዘመንና የተገኘበትን ቦታ ይዘረዝራል። ስለዚህ አንድ ተመራማሪ በየትኛውም አገር ተቀምጦ ቁጥሩን ቢጠራ የሐይቁ ወንጌል መሆኑን ሳይጠራጠር ሊያነበው ይችላል።

የማይክሮፊልሙ ሥራ በተጀመረበት በዚያው ዓመት ወሎን ያነሣ ሌላ ካሜራ ነበር። የዚያኛው ዕድል ግን የተለየ ሆነ።

ልዩነቱን ለመረዳት የዜና ፊልም በዚያን ዘመን እንዴት ይዘጋጅ እንደ ነበር ማስታወስ ይጠቅማል። የቴሌቪዥን ዜና ይነሣ የነበረው በአብዛኛው በ16 ሚሊ ሜትር ፊልም ነው። 400 ጫማ ርዝመት ያለው አንድ ጥቅል ከ11 ደቂቃ ብዙም አይዘልቅም፤ ባለ 100 ጫማው ደግሞ ሦስት ደቂቃ እንኳ አይሞላም። ስለዚህ ፊልም አንሺው እያንዳንዱን ትዕይንት ቆጥቦ ያነሣል። ከጥቅሉ ጋር አብሮ የሚላክ አንድ ወረቀት አለ። በዚህ ወረቀት ላይ የቦታው ስም፣ ቀኑ፣ በየትዕይንቱ የሚታየው ሰውና ነገር በቅደም ተከተል ይጻፋል። ፊልሙ በኬሚካል ታጥቦ ወደ ዜና አዘጋጁ ሲደርስ አዘጋጁ ከብዙው ጥቂቱን ይመርጣል፣ ቆርጦ ያቀጣጥላል፣ ንባብ ይጨምርበታል፣ ለስርጭት ያቀርባል። የተረፈው ቁራጭ፣ የተሰራጨው ቅጂና ያ ወረቀት በመጨረሻ ወደ መዝገብ ቤት ይወርዳሉ።

የመዝገብ ጠባቂው ሥራ የሚጀምረው እዚህ ላይ ነው። ፊልሙን በሣጥን አሽጎ ሣጥኑ ላይ ቁጥር ይለጥፋል፤ በካርድ ላይ ርዕስ፣ ቦታ፣ ቀን፣ ርዝመት፣ ባለ መብት ይመዘግባል። ወረቀቱ ከጠፋ ወይም አንሺው ቸኩሎ ሳይሞላው ከቀረ ካርዱ የሚሞላው ከተሰራጨው ዜና ንባብ ይሆናል። በዚህ ጊዜ በካርዱ ላይ የሚቀመጠው በፊልሙ የሚታየው ነገር ሳይሆን አዘጋጁ ስለ ፊልሙ የተናገረው ነው። ይህ ትንሽ የሚመስል ነገር ነው፤ ነገር ግን ከዓመታት በኋላ አንድ ሌላ አዘጋጅ ስለ ሌላ ድርቅ ዜና ሲሠራ «ረሀብ፣ ኢትዮጵያ» የሚለውን ካርድ ይጠራል፤ ከሐይቅ መንገድ ላይ የተነሣውም ሆነ ከሌላ አውራጃ የመጣው ተቀላቅሎ ይቀርብለታል። ሰዎቹ ስም ስለሌላቸው ማንም ተቃውሞ አያቀርብም።

ፊልሙ ራሱም ዘላለማዊ አይደለም። አሴቴት ከተባለው ፕላስቲክ የተሠራው ፊልም ሙቀትና እርጥበት ባለበት ሲቀመጥ የኮምጣጤ ሽታ እያወጣ ይኮማተራል፤ የቀለሙ ፊልም ይደበዝዛል። ቀጥሎ የመጣው የቪዲዮ ቴፕ ሌላ አደጋ ነበረው። ቴፑ ውድ ስለ ነበርና ተሰርዞ እንደ ገና ሊቀረጽበት ስለሚችል በሀብታሞቹ አገሮች ሳይቀር ብዙ ጣቢያዎች በትናንቱ ዝግጅት ላይ የዛሬውን ደርበው አጥፍተውታል። ከዚያ የተረፈውን ለማየትም ማሽን ያስፈልጋል፤ የዚያ ዘመን የካሴት ማጫወቻዎች ዛሬ አይመረቱም። ብራና ለማንበብ ዓይን ብቻ በቂ ሲሆን ቴፕ ግን ያለ ማሽን ጥቁር ሪባን ነው።

የ1965ቱ የወሎ ረሀብ ምስል ታሪክ የሚጀምረው በቴሌቪዥን አይደለም። ከዚያ በፊት በ1958 ዓ.ም. በወሎ ረሀብ ገብቶ ነበር። ያን ጊዜ ግን ካሜራ አልደረሰም፤ የደረሰው ወረቀት ነው። ፕሮፌሰር መስፍን ወልደ ማርያም እ.ኤ.አ. በ1984 በእንግሊዝኛ ባሳተሙት ስለ ገጠሩ ሕዝብ ለረሀብ መጋለጥ በሚያትተው መጽሐፋቸው የዚያን ጊዜውን ችግር የተከታተሉት ከመንግሥት መሥሪያ ቤቶች ደብዳቤዎች በመነሣት ነው፤ የወረዳው ሪፖርት ከጽሕፈት ቤት ወደ ጽሕፈት ቤት ሲንከባለል ወራት ማለፋቸውን ያሳያሉ። ይህ ሊታወቅ የቻለው ደብዳቤዎቹ ቁጥርና ቀን ስለ ነበራቸው ነው። ምስል ባይኖርም መዝገብ ነበር፤ ኋላ የመጣው ረሀብ ግን ምስሉ በዝቶ መዝገቡ ሳሳ።

በ1965 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ መምህራን ወደ ወሎ ተጉዘው ያነሡትን ፎቶግራፍ በዩኒቨርሲቲው ግቢ አሳዩ። ተማሪዎቹ የወሎን ረሀብ በዓይናቸው ያዩት በዚያ ነው። ከወራት በኋላ የብሪታንያው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ለቴምዝ ቴሌቪዥን በወሎ ያዘጋጀው ፊልም «ያልታወቀው ረሀብ» በሚል ትርጉም ባለው ርዕስ ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በብሪታንያ ተሰራጨ። ርዕሱን ልብ ይሏል። ለሐይቅና ለአምባሰል ገበሬ ረሀቡ ከታወቀ ከዓመት በላይ ሆኖት ነበር፤ ለአዲስ አበባ ተማሪም ታውቋል። ያላወቀው የለንደን ተመልካች ነው፤ ርዕሱ የተሰጠው በእርሱ አንጻር ሆኖ በመዝገብ ላይ ቀረ። ያም ሆኖ የፊልሙ ውጤት ታላቅ ነበር። ብዙ የእርዳታ ገንዘብ ተሰበሰበ፤ ነገሩን ሸፍኖ ማቆየትም ከዚያ በኋላ የማይቻል ሆነ።

ያው ፊልም ከአንድ ዓመት በታች በሆነ ጊዜ ውስጥ ሌላ ፊልም ሆነ። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም. ሲሆን በአሥረኛው ዓመቱ ዋዜማ ላይ በታሪኩ ከፍተኛ የሆነውን ፖለቲካዊ ስርጭት አደረገ። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ፣ በዕንቁጣጣሽ ዕለት፣ የዲምብልቢ ፊልም በአዲስ ቅንብር ቀረበ። በረሀብተኞቹ ትዕይንቶች መካከል የቤተ መንግሥት ግብዣና ንጉሠ ነገሥቱ ውሾቻቸውን ሲመግቡ የሚያሳይ ምስል ገባ። ንጉሠ ነገሥቱም እንዲመለከቱት መደረጉ በብዙ የታሪክ ጸሐፊዎች ተዘግቧል። በማግስቱ መስከረም 2 ቀን ከዙፋናቸው ወረዱ።

ይህን ቅንብር ከመዝገብ ሙያ አንጻር የመረመረ ሰው ሦስት ነገሮችን ያያል። በመጀመሪያ፣ የግብዣውና የውሾቹ ምስል ለዚያ ዓላማ የተነሣ አልነበረም፤ ለክብር ተነሥቶ በመደርደሪያ ላይ የተቀመጠ ነበር። የሚያወግዘው ቅንብር የተሠራው ከሚያወድሰው ክምችት ነው። አገዛዙ ራሱን እያስቀረጸ ሲያከማች የኖረው በራሱ ላይ የሚቀርብ ምስክር ሆነ። ሁለተኛው፣ የሁለት ትዕይንቶች ጎን ለጎን መቆም ራሱ ክስ ነው፤ አንድም የንባብ ቃል ሳይጨመርበት ተመልካቹ «ያ ሲሆን ይህ ነበር» ብሎ ያነበዋል። ሁለቱ በአንድ ወር ይሁን በተለያዩ ዓመታት የተነሡ መሆናቸውን ሊነግረው የሚችለው በካርዱ ላይ ያለው ቀን ብቻ ነው፤ ቀኑ ደግሞ በስክሪን ላይ አይታይም። ይህን ማለት ረሀቡን መሸፈን ወንጀል አልነበረም ማለት አይደለም። ወንጀልነቱ በደብዳቤና በምስክር ተረጋግጧል። ነገር ግን እውነተኛ ክስም ቢሆን ቀን ካልያዘ ማስረጃ ቆሞ ቅስቀሳ ይጀመራል፤ በዚህ ድንበር ላይ የዜና አዘጋጁና የመዝገብ ጠባቂው ሥራ ይለያያል። ሦስተኛው፣ በዚያ ምሽት ፊልሙን ካላዩት ሰዎች መካከል የመጀመሪያዎቹ በፊልሙ የታዩት ናቸው። የቴሌቪዥኑ ስርጭት በዚያን ጊዜ ከአዲስ አበባና ከአካባቢዋ እምብዛም አያልፍም ነበር፤ በአምባሰል ኮረብታ ሥር የነበረው ገበሬ መልኩ መንግሥት ሲለውጥ አላየም።

አንድ ፊልም ለሁለት ጉዳይ ሁለት ሆኖ መገኘቱ ለአምባሰል አዲስ ነገር አይደለም ማለት ይቻላል። ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. በዳግማዊ ምኒልክና በኢጣሊያ መንግሥት መካከል ውል የተፈረመው ዛሬ በአምባሰል ወረዳ በምትገኘው በውጫሌ ነው። የዚያ ውል 17ኛ አንቀጽ በአማርኛው ቅጂ ንጉሠ ነገሥቱ ከሌሎች መንግሥታት ጋር በኢጣሊያ አማካይነት መላላክ የሚችሉ መሆናቸውን ሲናገር የኢጣሊያንኛው ቅጂ ግን ግዴታ አድርጎት ተገኘ። ጠቡ ለአድዋ ጦርነት ከታወቁት ምክንያቶች አንዱ ነው። ምሳሌው ከልክ አልፎ መሳብ የለበትም፤ ውልና ፊልም አንድ አይደሉም። ሆኖም የኢትዮጵያ ክርክር ጸንቶ የቆመው የአማርኛው ቅጂ በእጅዋ ስለ ነበረ ነው። በወሎ ረሀብ ምስል ረገድ ግን «የአማርኛው ቅጂ» የሚባል፣ ማለትም በአገር ሰው የተነሣ፣ በአገር ቋንቋ የተመዘገበና በአገር ውስጥ ሙሉ ሆኖ የተቀመጠ የፊልም ክምችት ለተማሪ በሚደርስ ሁኔታ አልተዘጋጀም።

በ1977 ዓ.ም. የሆነው ከዚህ የባሰ ግልጽ ነው። በመስከረም ወር የአብዮቱ 10ኛ ዓመት በታላቅ ድግስ ሲከበር የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን በቀለም ማሰራጨት የጀመረው ከዚሁ በዓል ጋር ተያይዞ ነው። ለበዓሉ የመጡት የውጭ ጋዜጠኞች ወደ ሰሜን እንዳይሄዱ ተከልክለው ነበር። ቀለሙ መጣ፤ በቀለም የታየው ግን ሰልፉ ነው። ከዚያ በኋላ በጥቅምት ወር በናይሮቢ የቪዝኒውስ የዜና ፊልም ድርጅት ኃላፊ የነበረው ኬንያዊው መሐመድ አሚንና የቢቢሲው ማይክል በርክ ወደ መቀሌና በዚያን ጊዜ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር ወደ ነበረችው ኮረም ተጓዙ። ዜናው ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ተሰራጨ፤ በዓለም ላይ ከ400 በላይ የቴሌቪዥን ጣቢያዎች አሳዩት። የእርዳታው እንቅስቃሴና ከወራት በኋላ የተደረገው ላይቭ ኤይድ የተሰኘው የሙዚቃ ዝግጅት ሁሉ ከዚህ ዜና የመነጨ ነው።

የዜናውን ዋጋ ማሳነስ አይገባም፤ የብዙ ሰው ሕይወት ተርፎበታል። ይሁንና ንባቡ የኮረምን ንጋት ከመጽሐፍ ቅዱስ ዘመን ጋር ያመሳሰለ ነበር። ይህ አነጋገር ለተመልካቹ ልብ ቅርብ ቢሆንም ክስተቱን ከዘመኑ አውጥቶታል። የኮረሙ ረሀብ የ1977 ዓ.ም. ረሀብ ነው፤ ድርቅ ብቻ ሳይሆን በሰሜን ሲካሄድ የነበረው ጦርነት፣ የመንገዶች መዘጋት፣ የእህል ንግድ መታገድ ያባባሱት ነው። በካርዱ ላይ «እንደ ጥንቱ ዘመን» ተብሎ የተመዘገበ ረሀብ ምክንያትም ተጠያቂም የሌለው ይሆናል። ከአሥር ዓመት በፊት በአዲስ አበባው ቅንብር ላይ ቀን አለመታየቱ ክሱን አጋንኖት ነበር፤ እዚህ ደግሞ ዘመን መጥፋቱ ክሱን አጠፋው።

መሐመድ አሚን በመዝገብ ጉዳይ የዋዛ ሰው አልነበረም። የራሱን የምስል ድርጅት አቋቁሞ የአፍሪካን የብዙ ዓመታት ታሪክ ያከማቸ ሰው ነው። ግንቦት 1983 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የጦር መሣሪያ ግምጃ ቤት ሲፈነዳ ግራ ክንዱን አጥቷል፤ የድምፅ ባለሙያ ባልደረባው ሞቷል። እርሱም ኅዳር 14 ቀን 1989 ዓ.ም. በተጠለፈው የኢትዮጵያ አየር መንገድ አውሮፕላን አደጋ በኮሞሮስ ሕይወቱ አልፏል። ክምችቱ የሚገኘው በናይሮቢ ነው። ቪዝኒውስ ወደ ሮይተርስ ተጠቃልሏል፤ የቴምዝ ቴሌቪዥን ክምችትም በሌላ ኩባንያ እጅ ይገኛል። እንግዲህ አንድ የኢትዮጵያ አዘጋጅ ከእነዚህ ምስሎች ጥቂት ሰከንዶች ቢፈልግ በሰከንድና በደቂቃ የተተመነ ክፍያ ይጠየቃል ማለት ነው። የተራበው ሰው ሲነሣ የተጠየቀው ነገር የለም፤ የልጅ ልጁ የአያቱን ዘመን ለማየት ግን ዋጋ ይከፍላል።

ስም ምን ያህል እንደሚለውጥ የሚያሳይ አንድ ጉዳይ አለ። በ1977 ዓ.ም. የካናዳ ቴሌቪዥን ባልደረቦች በመቀሌ አካባቢ ልትሞት ያለች የመሰለች አንዲት ሕፃን አነሡ። ምስሏ በላይቭ ኤይድ ዝግጅት ላይ በዓለም ሁሉ ታየ። ጋዜጠኛው ብራያን ስቲዋርት የተነሣችበትን ቦታና ጊዜ ስለሚያውቅ ተመልሶ ሄዶ አገኛት፤ ብርሃን ወልዱ ትባላለች። እ.ኤ.አ. በ2005 በለንደን በተደረገው ተመሳሳይ ዝግጅት ላይ አዋቂ ሆና በመድረኩ ቆማለች። በዚያ ዘመን ከተነሡት ብዙ ሺህ ሰዎች መካከል ስሟ በዓለም የታወቀው የእርሷ የመሆኑ ምክንያት ሌላ ሳይሆን ቦታውና ቀኑ ከምስሉ ጋር ተያይዘው መቀመጣቸው ነው። በኮረም፣ በወልድያ፣ በደሴና በሐይቅ መንገድ የተነሡትስ ስም ነበራቸው፤ ያልነበራቸው ጸሐፊ ነው።

የቦታ ስም ነገር ራሱን የቻለ ችግር አለው። ወሎ ጠቅላይ ግዛት ነበር፤ ቀጥሎ ክፍለ ሀገር ሆነ፤ ከ1983 ዓ.ም. በኋላም በዞንና በወረዳ ተከፋፈለ። ዛሬ ሐይቅ የተሁለደሬ ወረዳ ከተማ ናት፤ ውጫሌ በአምባሰል ወረዳ ናት፤ ሁለቱም በደቡብ ወሎ ዞን ይጠቃለላሉ። «ወሎ» ተብሎ ብቻ የተመዘገበ ፊልም በዛሬው ካርታ ከአንድ በላይ ክልል ሊያመለክት ይችላል። በውጭ አገር ካርድ ላይ ደግሞ ሐይቅ የከተማዋ ስም ይሁን የውኃው ስም ሳይለይ ሊቀር ይችላል። አምባሰልም ቢሆን ከአካባቢው ውጭ ላለው ሰው ከቦታ ስምነቱ ይልቅ በዘፈን ቅኝትነቱ የታወቀ ነው። ስለዚህ አሮጌውንም አዲሱንም ስም ጎን ለጎን መጻፍ የመዝገብ ጠባቂው የመጀመሪያ ግዴታ ነው፤ ለዚህ ደግሞ የአካባቢ ዕውቀት እንጂ ማሽን አይጠቅመውም።

በሕግ በኩል መሠረቱ ተጥሏል። በ1936 ዓ.ም. የተቋቋመው ቤተ መጻሕፍት ወመዘክር በአዋጅ ቁጥር 179/1991 ብሔራዊ መዛግብትን የመሰብሰብና የመጠበቅ ኃላፊነት ተሰጥቶታል። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥንን የተካው የኢትዮጵያ ብሮድካስቲንግ ኮርፖሬሽንም የቀድሞውን ክምችት ወርሷል። ሕግ ግን ካርድ አይሞላም። አንድ የፊልም ጥቅል ወደ ዲጂታል ሲገለበጥ የሚታየው ሰውና ቦታ አብሮ ካልተጠየቀ የተገለበጠው ድንቁርናው ጭምር ነው።

ትምህርት ቤቶች በዚህ ሥራ ውስጥ ተመልካች ብቻ ሆነው ቆይተዋል። የትምህርት ሚኒስቴር ለብዙ ዓመታት በትምህርት ሬዲዮና ቴሌቪዥን ሠርቷል፤ በ1990ዎቹ መጨረሻ ደግሞ በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የፕላዝማ ትምህርት ገባ። ምስሉ ከማዕከል ወደ ክፍል ይወርዳል፤ ከክፍል ወደ ማዕከል የሚወጣ ነገር የለም። የታሪክ መጽሐፉም የረሀብ ፎቶግራፍ ሲያትም ከሥሩ የሚያሰፍረው በአብዛኛው አንድ መስመር ነው። በዚያ መስመር ላይ ማን አነሣው፣ መቼ፣ የት፣ ለማን ብሎ የሚጠይቅ ተማሪ ገና አልተለመደም። በሐይቅ ገዳም አንድ ብራና ሲገለጥ የመጀመሪያው ጥያቄ ይኸው ነበር።

ለዕቅድ ባለሙያዎች ይህ ብዙ ወጪ የሚጠይቅ አይደለም። በደሴ–ወልድያ መንገድ ላይ በሚገኙት ትምህርት ቤቶች ከሚታወቁት ምስሎች ጥቂቱ ቀርቦ የአካባቢው ሰው እንዲያየው ቢደረግ፣ የተናገረውም በተማሪዎች እጅ በቀን፣ በቦታና በተናጋሪው ፈቃድ ተመዝግቦ ወደ ብሔራዊው መዝገብ ቢላክ በማናቸውም የውጭ ካርድ ላይ የማይገኝ ነገር ይገኛል። ጥንቃቄ የሚያሻው ግን አለ። እነዚህ ምስሎች ለአንዳንዱ የታሪክ መረጃ ሲሆኑ ለአንዳንዱ የእናቱ ሞት ናቸው። ረሀብ በአካባቢው የሚያኮራ ትዝታ ስላልሆነ ስሙን መስጠት የማይፈልግ አለ፤ ፈቃዱን ማክበርም የመዝገቡ ሥርዓት አካል ነው። የሟቾቹ ቁጥር እንኳ እስከ ዛሬ በግምት ነው የሚነገረው፤ የ1965–66ቱን የወሎ ረሀብ ሟቾች አንዳንዱ ከ40 ሺህ እስከ 80 ሺህ ሲያደርስ ሌላው እስከ 200 ሺህ ያወጣዋል። በግምቶቹ መካከል ያለው ልዩነት የአንድ ትልቅ ከተማ ሕዝብ ያህላል።

በ1966 ዓ.ም. የአሥር ዓመት ልጅ ሆኖ በሐይቅ መንገድ ዳር የተቀመጠ ሰው ዛሬ ስድሳ ዓመት አልፎታል። በ1977ቱ ፊልም እናቱ ጀርባ ላይ የታየው ሕፃንም አርባውን ተሻግሯል። የመንገዱን መጠምዘዣ፣ ከበስተጀርባ የሚታየውን ተራራ፣ የዛፉን ዓይነትና የጥለቱን አሠራር አይቶ «ይህ ከውጫሌ ወዲህ ነው፤ ያ ደግሞ መርሳ ነው» ብሎ ሊለይ የሚችለው እርሱ ነው።